ሂውስተን ለምትኖሩ ወገኖቼ፦ ከንፋሱ ይልቅ ውሃውን ፍሩት

ከሚኒሶታ፣ ከዲሲ፣ ከሲያትል ጠቅልሎ ወደ ሂውስተን የሚመጣ ሀበሻ ብዙ ነው። ቤት ይረክሳል፣ የስቴት የገቢ ታክስ የለም፣ ብርዱም ቀላል ነው። ሁሉም እውነት ነው። አዲስ ለመጣው ሰው ቤት የሚያፈላልግለት፣ ሥራ የሚጠቁመው ወገንም አይጠፋም። ሀሪኬን ስለሚባለው ከባሕር ስለሚመጣ ማዕበል ግን ቁጭ አድርጎ የሚነግረው የለም። ወሬውን የሚሰማው ማዕበሉ የሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ውስጥ ከገባ በኋላ በቴሌግራም ነው። ያኔ የውሃው መደርደሪያ ባዶ ነው፣ ማደያው ሰልፍ ነው፣ የኢንሹራንሱም በር ተዘግቷል። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል። ስለዚህ ይህን ሰማዩ ጥርት ብሎ ሳለ አንብቡት።

ወቅቱ ከጁን 1 እስከ ኖቬምበር 30 ነው፤ በእኛ አቆጣጠር ከግንቦት 24 እስከ ኅዳር 21። የሚከፋው በሴፕቴምበር 10 አካባቢ፣ ልክ እንቁጣጣሽ ሲገባ ነው። አይክ የተባለው ሀሪኬን በ2008 ባሕር ዳር ያለችውን ጋልቭስተንን የመታው መስከረም 3 ቀን ነበር፤ የበዓሉ ቄጠማ ገና ሳይደርቅ። የብዙዎቹ ትልልቅ ማዕበሎች መነሻም ከአፍሪካ ነው። ከኢትዮጵያ ደጋና ከዳርፉር ተራሮች አካባቢ በነጎድጓድ የሚነሳው የአየር ሞገድ ምዕራብ አፍሪካን አቋርጦ አትላንቲክ ላይ ይወጣል። አንዳንዱ እዚያ ሞቅ ያለ ባሕር ሲያገኝ ሀሪኬን ይሆናል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። ሀሪኬን ሲመጣ ሁሉም የሚጠይቀው «ካታጎሪው ስንት ነው?» ብሎ ነው። ያ ቁጥር የሚለካው የንፋሱን ፍጥነት ብቻ ነው። ስንት ዝናብ እንደሚጥል፣ ባሕሩ ምን ያህል ከፍ እንደሚል አይናገርም። በአሜሪካ በእነዚህ ማዕበሎች በቀጥታ ከሞቱት አብዛኞቹን የገደለው ግን ውሃ ነው።

ሃርቪ የተባለውን ሀሪኬን አስታውሱ። ኦገስት 25 ቀን 2017 ሮክፖርት አጠገብ ሲገባ ካታጎሪ 4 ነበር። ሮክፖርት ከሂውስተን በመኪና ሦስት ሰዓት ገደማ ትርቃለች። ንፋሱ እየደከመ ሲሄድ ብዙ ሰው «እፎይ፣ አለፈን» ብሎ ተኛ። ዝናቡ ግን አልሄደም፤ እላያችን ላይ ተገትሮ ለቀናት ወረደ። ኔደርላንድ በምትባለው የቴክሳስ ከተማ ከ1,500 ሚሊ ሜትር በላይ ተለካ። አዲስ አበባ ዓመቱን ሙሉ የማታገኘውን ዝናብ በአንድ ማዕበል ማለት ነው።

ውሃው ወደ ቤት አገባቡ ራሱ ሰው ከሚጠብቀው የተለየ ነው። ብዙ ቤት መጀመሪያ የመጣው በበር አይደለም። በገንዳው ማፍሰሻና በሽንት ቤቱ ወደ ላይ ገነፈለ። ቀጥሎ ምንጣፉ ከወለሉ ተነስቶ ያብጥ ጀመር። ፍሪጁ ተንጋሎ ሲንሳፈፍ ምጣዱ፣ ሌማቱና የበርበሬው ባልዲ አብረውት ይዞራሉ። ውሃው ጉልበት ድረስ ብቻ ቢደርስ እንኳ የጂፕሰሙ ግድግዳ እንደ ስፖንጅ ወደ ላይ ይመጠዋል። በሂውስተን ሙቀት በአንድ በሁለት ቀን ሻጋታ ይይዛል። ስለዚህ ውሃው እንደሸሸ ግድግዳው እስከ ወገብ ድረስ ተቆርጦ ይጣላል። መንገድ ዳር የተከመረው የቤት ዕቃ፣ ያም ሽታ፣ ያየ ሰው አይረሳውም።

ሂውስተን ባለችበት በሃሪስ ካውንቲ ብቻ ከ150,000 በላይ ቤቶች ውሃ ገባባቸው። ከእነዚህ የሚበዙት የጎርፍ ኢንሹራንስ አልነበራቸውም። የሚበዙትም «የመቶ ዓመት የጎርፍ ቀጠና» ከሚባለው ውጭ ነበሩ። ይሄ አጠራር ብዙ ሰው አሳስቷል። በመቶ ዓመት አንዴ ይመጣል ማለት አይደለም። በየዓመቱ ከመቶ አንድ ዕድል አለው ማለት ነው። የሠላሳ ዓመት ሞርጌጅ ለገባ ሰው፣ ዕዳውን ከፍሎ ሳይጨርስ ጎርፍ የሚያገኘው ዕድል ከአራት አንድ ይሆናል። ሜየርላንድ የሚባለውን ሰፈር ተመልከቱ፤ በ2015፣ በ2016፣ በ2017 በተከታታይ ተጥለቅልቋል።

ቤት የምትገዙ ሰዎች ሻጩ የሚሞላውን ቅጽ አጀንቱ ገልብጦ ሲያሳያችሁ ዝም ብላችሁ አትፈርሙ። ከ2019 ወዲህ በቴክሳስ ሕግ ሻጭ ቤቱ ከዚህ በፊት ውሃ ገብቶበት እንደሆነ መግለጽ አለበት። በምዕራብ በኩል ወደ ኬቲ የምትሄዱ ደግሞ አዲክስና ባርከር ስለሚባሉት የጎርፍ ማቆሪያዎች ጠይቁ። በ1940ዎቹ የተሠሩት መሐል ከተማውን ከጎርፍ ለመከላከል ነው። ሲሞሉ ውሃው ወደ ኋላ የሚተኛበት መሬት ላይ በሺህ የሚቆጠር ቤት ተሠርቷል። በሃርቪ ጊዜ ብዙዎቹ ነዋሪዎች እዚያ ላይ እንደሚኖሩ ያወቁት ውሃው ሲገባባቸው ነው። ተከራዮችም መብት አላችሁ። ከ2022 ጀምሮ አከራይ ቤቱ ባለፉት አምስት ዓመታት ጎርፍ ገብቶበት ከሆነ በጽሑፍ ሊነግራችሁ ይገባል። ከምድር ቤቱና ከሁለተኛው ፎቅ ካስመረጧችሁ፣ ኪራዩ ትንሽ ቢጨምርም ሁለተኛውን ውሰዱ።

ኢንሹራንሱን በደንብ ስሙኝ፤ ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ላይ ነው። የተለመደው የቤት ኢንሹራንስ ጎርፍን አይሸፍንም። የተከራይ ኢንሹራንስም አይሸፍንም። የጎርፍ ለብቻው ይገዛል፤ በመንግሥት የጎርፍ ኢንሹራንስ ፕሮግራም ለቤቱ እስከ 250,000 ዶላር፣ ለዕቃው እስከ 100,000 ዶላር ይሸፍናል። የቤቱና የዕቃው ተለይተው የሚገዙ ስለሆኑ ሁለቱንም ብላችሁ ጠይቁ። ተከራይም የዕቃውን ብቻ መግዛት ይችላል። ዋናው ነገር ግን ከተገዛ በኋላ ሥራ የሚጀምረው በ30 ቀኑ ነው። ማዕበሉ በቴሌቪዥን ከታየ በኋላ ገንዘብ ይዞ መሮጥ ዋጋ የለውም። በየወሩ ለአገር ቤት የምንልከው እንዳይቋረጥ የምንጨነቀውን ያህል ለዚህም እንጨነቅ፤ ቤታችን ከጠፋ የምንልከውም አብሮ ይጠፋል።

መኪናውም እንደዚያው ነው። ኡበር፣ ታክሲ፣ ዴሊቨሪ ለምትሠሩ እንጀራችሁ መኪናችሁ ነው። በሃርቪ ግማሽ ሚሊዮን ያህል መኪና ውሃ ገብቶበታል። ሌላ ሰው ላይ ላደረሳችሁት ጉዳት ብቻ የሚከፍለው ርካሹ ላይቢሊቲ ብቻ ካላችሁ ሰባራ ሳንቲም አታገኙም። ጎርፍ የሚሸፍነው ኮምፕሪሄንሲቭ የሚባለው ነው። ማዕበል ሊመጣ ሲል መኪናችሁን ፎቅ ባለው ፓርኪንግ ላይኛው ደርብ ላይ አውጡት። ውሃ የሸፈነው መንገድ ላይ ደግሞ በምንም ምክንያት አትግቡ። ሠላሳ ሴንቲ ሜትር የሚሆን ወራጅ ውሃ ትንሽ መኪና ያንሳፍፋል። በሃርቪ ጊዜ ብዙ ሰው የሞተው መኪናው ውስጥ ነው። «አንድ ትሪፕ ብቻ» የምትሉት ነገር ይቅርባችሁ። ደንበኛውም ይቅር።

ከከተማ ስለ መውጣት። በ2005 ሪታ የተባለችው ሀሪኬን ስትመጣ፣ ሌላዋ ሀሪኬን ካትሪና ኒው ኦርሊንስን ያጠፋችው ገና በቅርብ ስለነበር፣ ሁሉም በአንዴ ወጣ። ሰው መንገድ ላይ ከ20 ሰዓት በላይ ቆመ፤ በሙቀትና በአደጋ ብዙ ሰው ሞተ። አዛውንቶች የጫነ አውቶቡስ ዳላስ አጠገብ ተቃጥሎ 23 ሰው አልቋል። ስለዚህ ዚፕ ኮዳችሁ ነዋሪው እንዲወጣ በሚታዘዝበት መውጫ ቀጠና ውስጥ መሆን አለመሆኑን ከወዲሁ እዩ። ጋልቭስተን ወይም የባሕሩ ዳር ከሆናችሁና ውጡ ከተባላችሁ፣ ሻንጣ ሳታበዙ በጊዜ ውጡ። ወደ ውስጥ ርቃችሁ የምትኖሩና ያልታዘዛችሁ ግን መንገዱን ለእነሱ ልቀቁላቸው።

ዝናቡ ካለፈ በኋላ የሚገድለው መብራት መጥፋቱ ነው። ቤሪል የተባለው ሀሪኬን በጁላይ 2024 የገባው ካታጎሪ 1 ሆኖ ነው። ሆኖም ከ2 ሚሊዮን በላይ የመብራት ደንበኞች ጨለማ ውስጥ ገቡ፤ ብዙው ሰው ለቀናት፣ በዚያ ሙቀት። ኢንሱሊን የሚወስዱ እናትና አባት ያሏችሁ፣ ኤሲ ያለው ዘመድ ቤት ቀድማችሁ ተነጋገሩ።

አንድ ነገር ደግሞ ለእኛ በተለይ። መብራት ሲጠፋ እጃችን ወደ ከሰል ይሄዳል። ቡና እናፍላ፣ ወጥ እናሙቅ እንላለን። ቤት ውስጥ፣ ጋራዥ ውስጥ፣ የተዘጋ በረንዳ ላይም ቢሆን ከሰል አትለኩሱ። ካርቦን ሞኖክሳይድ አይታይም፣ አይሸትም። አዲስ አበባ በክረምት በር ዘግተው ከሰል አንድደው ተኝተው የቀሩትን ሁላችንም ሰምተናል። ያው ነገር ነው። ጄኔሬተርም ከመስኮትና ከበር ቢያንስ ስድስት ሜትር ይራቅ። ስልክ ቻርጅ ለማድረግ ወይም ለመሞቅ ብላችሁ ጋራዥ ውስጥ መኪና አታስነሱ። በፌብሩዋሪ 2021 ቴክሳስ በበረዶ መብራት ባጣች ጊዜ እንዲህ ካለቁት መካከል የእኛም ወገኖች አሉበት። ይህን ለእማማዎቹ በአማርኛ ንገሯቸው፤ ማስጠንቀቂያውን በእንግሊዝኛ ላይሰሙት ይችላሉ።

ወረቀቶቻችሁን ውሃ በማያስገባ ከረጢት አድርጓቸው፦ ፓስፖርት፣ ግሪን ካርድ፣ የዜግነት ወረቀት፣ የልደትና የጋብቻ ምስክር ወረቀት። ከአገር ቤት የመጣ ወረቀት እንደገና ለማውጣት ምን ያህል እንደሚያንከራትት ታውቃላችሁ። ቤቱንና ዕቃውን አሁን በስልካችሁ ቪዲዮ አንሱ፤ ቁም ሳጥኑን እየከፈታችሁ። ጎርፍ ከገባ ደግሞ ምንም ዕቃ ሳትጥሉ በፊት ፎቶ አንሱ።

እርዳታ ለመጠየቅ አትፈሩ፣ አትዘግዩም። መጠለያ፣ ምግብና ውሃ ለሁሉም ነው። የፌማን (የፌዴራል መንግሥቱን የአደጋ ጊዜ መሥሪያ ቤት) የገንዘብ እርዳታ ዜጋ ብቻ ሳይሆን ግሪን ካርድ ያለው፣ ጥገኝነት (አሳይለም) ያገኘና ስደተኛ ሆኖ የገባም ይጠይቃል። ወላጅ ወረቀት ባይኖረውም ዜጋ የሆነ ልጅ ካለው በልጁ ስም ማመልከት ይችላል። «አልተፈቀደም» የሚል ደብዳቤ ሲመጣ ብዙ ወገን አዝኖ ይተወዋል። አትተዉት። ብዙ ጊዜ የጎደለው አንድ ወረቀት ነው፤ የኢንሹራንስ መልስ ወይም የኪራይ ውል። ከደብዳቤው ቀን ጀምሮ በ60 ቀን ውስጥ ይግባኝ ማለት ይቻላል። ስትደውሉም አስተርጓሚ በነጻ ይሰጣችኋልና «አማርኛ» ብላችሁ ጠይቁ።