ያለቀ ጭቅጭቅ ምኑ ይጣፍጣል?

ጥያቄ፦ ወንድሜ እዚህ ባሕር ዳር ባጃጅ ይነዳል። ፍላሹ ላይ ዘፈን የለም። የሞላው አንድ ነገረኛ የሬዲዮ አዘጋጅ ከዓመታት በፊት ከደዋዮች ጋር የተጨቃጨቀው ነው። ሰው ጭኖም ይኼንኑ ይከፍታል። ምን አግኝቶበት ነው?
እህቱ፣ ከሽምብጥ

መልስ፦ እህታለም፣ ማለቁ እኮ ነው የሚጣፍጠው! የዛሬው ክርክር ደም ያፈላል። በድሮው ግን ጊዜ ፈርዶበታል፤ አዘጋጁ ደረቱን ነፍቶ «በፍጹም አይሆንም» ያለው ነገር ከሆነ ቆይቷል፣ ወንድምሽም ይህን እያወቀ ብቻውን ይስቃል። ደግሞ ደዋዩ «ሃሎ፣ ይሰማል?» ሲል፣ «ሬዲዮህን ቀንስ» ሲባል፣ ገና አፉን ሳይከፍት መስመሩ ሲዘጋበት... እኔም አልጠግበውም።

የኛ ሰው ብቻም አይደለም። በአፉ የታወቀው አሜሪካዊው የሬዲዮ አዘጋጅ ሃዋርድ ስተርን በፈረንጆቹ 2006 ከተራው ሬዲዮ ወደ ሳተላይት ሬዲዮ ሄዷል፤ የድሮ ቅጂዎቹን እስካሁን እያደነ የሚሰማ አለ።

ቶሎ ያልቅበታል ብለሽ ግን ተስፋ አታድርጊ። በሰከንድ በ64 ኪሎቢት የተቀዳ የአንድ ሰዓት ወሬ 29 ሜጋባይት ገደማ ነው፣ ባለ 8 ጊጋ ፍላሽ ከ270 ሰዓት በላይ ይይዛል። ተሳፋሪ ሲኖር ግን ድምፁን ይቀንስ፣ በተለይ ከቤተ ክርስቲያን የሚመለሱ እናቶችን ሲጭን።