አውስቢልዱንጉን ልቀበል ወይስ ትወናን ልጠብቅ?

«ፍራንክፈርት ነው የምኖረው፤ 19 ዓመቴ ነው። ተዋናይትና ዘፋኝ መሆን እፈልጋለሁ። አሁን በምስልና ድምፅ ሙያ የሦስት ዓመት አውስቢልዱንግ (እየሠሩ የሚማሩት የሙያ ሥልጠና) አግኝቻለሁ። ከገባሁበት ሕልሜ ይቀራል ብዬ ፈራሁ። ድምፄም ጎርናና ስለሆነ ለዘፈን አይሆንም ይሉኛል። ምን ትመክሩኛላችሁ?»

እህቴ፣ አውስቢልዱንጉን ተቀበዪ። ለምን እንደምልሽ እዚያው ያለሽበት አገር ባደገች ሴት ታሪክ ላሳይሽ።

ጀርመናዊቷ ተዋናይትና ዘፋኝ ሂልደጋርድ ክኔፍ በ1925 (ዓመቶቹ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) ኡልም ከተማ ተወለደች። በ15 ዓመቷ ትምህርት ቤት ትታ ኡፋ የተባለው ትልቅ የፊልም ድርጅት ገባች። የገባችው ግን በተዋናይነት አይደለም፤ የአኒሜሽን ሥዕል ተለማማጅ ሆና ነው። የካሜራ ፈተና አልፋ ባበልስበርግ የፊልም ትምህርት ቤት የገባችው ከዚያ በኋላ ነው። እዚያ ትወና፣ የባሌት ዳንስና የንግግር አወጣጥ ተማረች። በ1946 ከጦርነቱ በኋላ የተሠራው የመጀመሪያው የጀርመን ፊልም ሲወጣ ዋናዋን ሴት የተጫወተችው እሷ ነበረች። ከማጎሪያ ካምፕ ተርፋ ወደ ቤቷ የምትመለስ ፎቶ አንሺ ሆና ነው የተወነችው። ከኋላዋ የሚታየው ፍርስራሽ ደግሞ የእውነተኛዋ በርሊን ፍርስራሽ ነው።

ሥዕል መሳል ተዋናይት አላደረጋትም። ፊልም የሚሠራበት ቦታ ውስጥ ግን አስገብቷታል። አንቺም ካሜራና ማይክሮፎን ሲሠራ እያየሽ ሦስት ዓመት ልትቆዪ ነው። የትወና ትምህርት ቤት መግቢያ ፈተና የሚጠብቁ ስንት ልጆች ይህን ዕድል ባገኙ!

ስለ ድምፅሽ የሚሉሽን ደግሞ ተዪው። የክኔፍ ድምፅም ወፍራምና ጎርናና ነበር። በዚያው ድምፅ በ1955 በኒው ዮርኩ የቲያትር ሰፈር ብሮድዌይ፣ በአሜሪካዊው የዘፈን ደራሲ ኮል ፖርተር ሙዚቃዊ ቲያትር ዋና ተዋናይት ሆና ዘፈነች፤ ቲያትሩ 478 ጊዜ ታይቷል። ታዋቂዋ የጃዝ ዘፋኝ ኤላ ፊትዝጀራልድ «ድምፅ የሌላት ታላቅ ዘፋኝ» ብላታለች ይባላል። በ1960ዎቹ ደግሞ የራሷን ግጥም እየጻፈች መዝፈን ጀመረች። እኔን በጣም የሚገርመኝ ይሄኛው ነው። የሰው ዘፈን ስትዘፍኚ ከሌላ ዘፋኝ ጋር ያወዳድሩሻል። የራስሽን ቃል ስትዘፍኚ ግን ድምፅሽ የዘፈኑ አካል ይሆናል። ስለዚህ ዛሬ ማታ ደብተር አውጪና ጀምሪ፤ በአማርኛም ይሁን በጀርመንኛ።

አንድ ማስጠንቀቂያም አለኝ። ክኔፍ በ1940ዎቹ መጨረሻ ከሆሊውዱ ፕሮዲዩሰር ዴቪድ ሴልዝኒክ ጋር ውል ፈርማ አሜሪካ ሄደች። ደመወዝ ነበራት፤ የምትሠራው ፊልም ግን አልነበራትም። ነገ «እኔ አስተዋውቅሻለሁ» የሚል ኤጀንት ሲመጣ ስለ ገንዘቡ ብቻ አትጠይቂ። ምን እንደምትሠሪ፣ መቼ እንደምትሠሪ፣ ሥራ ካልመጣ ውሉን እንዴት እንደምታፈርሺ ጠይቂ። መልሱም በጽሑፍ ይሁን።

አውስቢልዱንጉን ከመፈረምሽ በፊት ደግሞ ሥራው በፈረቃ ነው ወይ ብለሽ አጣሪ። ማታና ቅዳሜ የሚያዝ ከሆነ የቲያትር ልምምድሽን ይነካብሻል። ክፍያ ያለው ትወና ከተገኘም አሰሪሽን አስቀድመሽ አሳውቂ። የአገርሽ ልጆች ያቋቋሙት የቲያትር ቡድን ወይም የከተማው አማተር ቡድን ካለ በዚህ ወር ሄደሽ ተመዝገቢ፤ አውስቢልዱንጉ እስኪያልቅ አትጠብቂ።