ተሸንፈው አገር ያቆሙት ጠበቃ፦ ለወጣቶች የተጻፈ ደብዳቤ

ውድ ልጆቼ፣

ከጥብቅና ሥራ ካረፍኩ ወዲህ አልፎ አልፎ የሕግ ተማሪዎች ቤቴ ብቅ ይላሉ። ባለፈው ሰሞን አንዷ ስለ ጃማይካ አንስታ፣ «ጋሼ፣ እነሱ እኮ ሳይዋጉ ነው ነጻነት የተሰጣቸው» አለችኝ። ቡናው እስኪፈላ የቻልኩትን ያህል ነገርኳት፤ ልቤ ግን አልረካም። ስለዚህ ለእሷም ለእናንተም ስለ ጃማይካዊው ጠበቃ ስለ ኖርማን ማንሊ ይህን ጻፍኩ። ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር አድርጌዋለሁ።

ጃማይካ ሲባል የእኛ ሰው ቶሎ ትዝ የሚለው ኤፕሪል 21 ቀን 1966 ነው፤ ጃንሆይ ኪንግስተን ሲደርሱ አውሮፕላን ማረፊያውን ያጥለቀለቀው ሕዝብ። ከዚያ ወሬው ወደ ሻሸመኔ ይዞራል። ያን ቀን እንግዳዋን የተቀበለችው አገር ግን ነጻ ከወጣች አራት ዓመት እንኳ አልሞላትም ነበር። እንዴት ነጻ እንደወጣች የሚጠይቅ አላጋጠመኝም።

ተዋግቶ ነጻ መውጣትን የምታደንቁ ከሆነ ከጃማይካ ጎረቤት ከሄይቲ ጀምሩ። በባርነት ይገዙ የነበሩ ሰዎች የናፖሊዮንን ጦር ድል መትተው ጃንዋሪ 1 ቀን 1804 ነጻነታቸውን አወጁ። በ1825 ግን የፈረንሳዩ ንጉሥ ሻርል አሥረኛ ወደቡ ላይ 14 የጦር መርከቦች አቁሞ አንድ ወረቀት አስፈረማቸው፦ እውቅና ከፈለጋችሁ ለቀድሞዎቹ ባለርስቶች 150 ሚሊዮን ፍራንክ ካሣ ክፈሉ። ካሣው ከተሰላበት «ንብረት» ውስጥ ሰዎቹ ራሳቸው ነበሩበት። ለመጀመሪያው ክፍያ ከፈረንሳይ ባንኮች 30 ሚሊዮን ተበደሩ፤ እጃቸው የገባው 24 ሚሊዮን ብቻ ነው። ካሣው በኋላ ወደ 90 ሚሊዮን ቢወርድም፣ እሱን ተከትሎ የመጣው ዕዳ ተከፍሎ ያለቀው በ1947 ነው። በእኛ የፍትሐ ብሔር ሕግ በማስገደድ የተፈረመ ውል ይፈርሳል። ለሄይቲ ግን የሚያፈርስላት ዳኛ አልተገኘም። ይህችው የተዘረፈች አገር ናት በ1935 ጣሊያን ሲወረን፣ በመልእክተኛዋ በጄኔራል ኔሙር አንደበት፣ ጄኔቫ ላይ በመንግሥታቱ ማኅበር ፊት ቆማ «አንድ ቀን እኛም የሌላው ኢትዮጵያ እንዳንሆን እንፍራ» ያለችልን። ይህን ውለታ አለማወቃችን ያሳዝነኛል።

ወደ ጃማይካ ልመለስ። በ1938 ፍሮም በሚባል ቦታ ትልቅ የስኳር ፋብሪካ ሲሠራ ሥራ ፈላጊው ከየአቅጣጫው ጎረፈ። የሠራተኞቹ ጥያቄ የቀን ደመወዛችን አንድ ዶላር ይሁን የሚል ነበር። ፖሊስ ተኩሶ አራት ሰው ገደለ። ዓመጹ ኪንግስተን ወደብ ሲደርስ የሠራተኛው መሪ አሌክሳንደር ቡስታማንቴ ታሰሩ። ያኔ የሥጋ ዘመዳቸው ኖርማን ማንሊ፣ ለትልልቅ ኩባንያዎች ይቆሙ የነበሩ ስመ ጥር ጠበቃ፣ መዝገባቸውን አጥፈው ስለ ሠራተኞቹ ሊደራደሩ ገቡ። ቡስታማንቴንም አስፈቱ። ማንሊ በዚያው ዓመት ፓርቲ መሠረቱ፤ ቡስታማንቴም በ1943 የራሳቸውን። ሁለቱ ዘመዳሞች ከዚያ ወዲያ ዕድሜ ልካቸውን ተፎካካሪ ሆኑ። በ1944 ለአካለ መጠን የደረሰ ሁሉ የመምረጥ መብት አገኘ።

ጃማይካን ይገዙ የነበሩት እንግሊዞች በ1958 እሷን ጨምሮ አሥር የካሪቢያን ግዛቶቻቸውን በአንድ ፌዴሬሽን አሰባስበው ነበር። ማንሊ አምነውበታል፤ ቡስታማንቴ ተቃወሙት። ማንሊ የመንግሥት መሪ ሆነው ሳለ ጉዳዩን ለሕዝቡ አቀረቡት። ሴፕቴምበር 19 ቀን 1961 ከመቶ 54ቱ «እንውጣ» አለ። የትሪኒዳዱ መሪ ኤሪክ ዊሊያምስ ከአሥር ላይ አንድ ሲቀነስ ዜሮ ይቀራል አሉ፤ እሳቸውም አገራቸውን ይዘው ወጡ፣ ፌዴሬሽኑም በ1962 ፈረሰ።

እዚህ ላይ የራሴን ልናገር። ገና ጀማሪ ሳለሁ የአንዲት ባሏ የሞተባትን እናት የቤት ክርክር ተሸነፍኩ። ኀፍረት ይዞኝ መዝገቡን መሳቢያ ውስጥ ቆለፍኩበት፤ ሴትዮዋ ስትመጣም «እያየሁት ነው» እያልኩ መለስኳት። የይግባኙ ጊዜ 60 ቀን ነው። መሳቢያውን ስከፍት ስልሳው ቀን አልፎ ነበር። ቤቷን ያሳጣት የመጀመሪያው ፍርድ ብቻ አልነበረም፤ የእኔ ኩርፊያ ነው። ስለ ማንሊ ሳነብ ከዚህ ትዝታ መራቅ አልችልም።

እሳቸው አላኮረፉም። ሕዝቡ እንቢ ባለ በወራት ውስጥ፣ ከሁለቱም ፓርቲ በተውጣጣ ኮሚቴ የነጻዋ ጃማይካ ሕገ መንግሥት ተረቀቀ። በፌብሩዋሪ 1962 ማንሊና ቡስታማንቴ አብረው ለንደን ሄደው ተደራደሩ። ልጆቼ፣ ያንን ሕገ መንግሥት ስታገኙ የላይኛውን ምክር ቤት ክፍል አንብቡት። አባላቱ 21 ናቸው፤ 13ቱን ጠቅላይ ሚኒስትሩ፣ 8ቱን የተቃዋሚዎች መሪ ያቀርባሉ። ዋና ዋናዎቹን ድንጋጌዎች ለመለወጥ በዚያ ምክር ቤት ሁለት ሦስተኛ ድምፅ፣ ማለትም 14 ሰው ያስፈልጋል። ገዥው ፓርቲ ያለው 13 ነው። ያቺ አንዲት ድምፅ የግድ ከተቃዋሚው ወገን መምጣት አለባት። ይህ ሲጻፍ ሥልጣን ላይ የነበሩት ማንሊ ነበሩ። በጥብቅና ዘመኔ ብዙ ሰነድ አንብቤያለሁ፤ እንደዚህች ስሌት ልቤን የነካው ጥቂት ነው። እናንተም የዕቁብ ደንብ ይሁን የማኅበር መተዳደሪያ ስታረቅቁ፣ «ነገ ተሸናፊው እኔ ብሆንስ?» ብላችሁ ጻፉት።

ለማንሊ ያ «ነገ» ሩቅ አልነበረም። ኤፕሪል 10 ቀን በተደረገው ምርጫ ከ45 መቀመጫ ቡስታማንቴ 26 ወሰዱ፤ ለማንሊ 19 ቀረ።

ኦገስት 6 ቀን 1962 እኩለ ሌሊት፣ ኪንግስተን ስታዲየም ውስጥ፣ የእንግሊዝ ባንዲራ ወርዶ ጥቁር፣ አረንጓዴና ወርቃማው ተሰቀለ። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ቡስታማንቴ ነበሩ። ስምንቱን የላይኛው ምክር ቤት አባላት የመሰየም ሥልጣን ግን በማንሊ እጅ ነበር።