ቤቴ መስከረም መስከረም እንዲሸት ምን ላድርግ?

እህቴ፣ ፒያሳ ያለው ቤትሽ ክረምቱ ወጥቶም እርጥበት እርጥበት እንደሚል ጽፈሽ፣ መስከረም መስከረም እንዲሸት ምን ላድርግ ብለሻል። መጀመሪያ መስኮቱን ክፈቺ፣ ምንጣፉን ፀሐይ አስመቺው። በሻገተ ቤት ዕጣን ማጨስ በሻጋታው ሽታ ላይ ሌላ ሽታ መደረብ ነው።

አደይ አበባ ለዓይን ነው፣ ብዙም አይሸትም። መዓዛውን የሚያመጡት አሪቲና ጠጅ ሳር ናቸው። ከቄጠማው ጋር ጎዝጉዣቸው፤ ሲረገጡ ነው ሽታቸው የሚወጣው። እኔ ከሁሉም ይሄንን እወዳለሁ፤ እናቴ ቤት የገባሁ ይመስለኛል። ቄጠማው ሳይበሰብስ ግን በ2 ወይ በ3 ቀን አውጪው።

ማታ ማታ ቀረፋ፣ ቅርንፉድና የብርቱካን ልጣጭ በትንሽ እሳት አፍዪ። ውሃው እንዳያልቅ እያየሽ ጨምሪበት። ለዕጣን ከሰል ካቀጣጠልሽ ደግሞ መስኮቱ ገርበብ ይበል፣ አደራ።