መዝገቡ በራሱ ባሕር ዳር አይሄድም

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። የምትኖሪው አዲስ አበባ ነው፣ ተከሳሹ ባሕር ዳር። ለጤፍ ግዢ ቀድመሽ የከፈልሽውን 1,800,000 ብር እንዲመልስ ፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ከሰስሽው። እሱም «ውሉ የተፈረመውም የሚፈጸመውም ባሕር ዳር ስለሆነ ይህ ፍርድ ቤት የግዛት ስልጣን የለውም» ብሎ፣ ማለትም ጉዳዩ መታየት ያለበት በሌላ ቦታ ነው ብሎ፣ መቃወሚያ አቀረበ። መዝገቤን ወደዚያ ያዛውሩልኛል ወይ ብለሻል።

አያዛውሩልሽም። በአንድ ፍርድ ቤት ውስጥ ከምድብ ወደ ምድብ፣ ለምሳሌ ከቦሌ ወደ ልደታ፣ ሲሆን መዝገብ ይላካል። እንዳንቺ ጉዳይ ከፌዴራል ፍርድ ቤት ወደ ክልል ፍርድ ቤት ሲሆን ግን መዝገቡ ይዘጋል፤ አንቺ ሄደሽ አዲስ ክስ ትከፍቻለሽ።

1. መጀመሪያ መቃወሚያው በጊዜው መቅረቡን አረጋግጪ። የሥረ ነገር ስልጣን (ፍርድ ቤቱ ይህን ዓይነት ጉዳይ ማየት ይችላል ወይ የሚለው) ቢሆን ኖሮ በማንኛውም ጊዜ ይነሳል፣ ዳኛውም በራሱ ያነሳዋል (የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 9)። የግዛት ስልጣን ግን እንደዚያ አይደለም። ተከሳሹ መከላከያ መልሱን ሰጥቶ ሲያበቃ ዘግይቶ ያመጣው ከሆነ በቁጥር 244 እንደተወው ይቆጠራል ብለሽ ተከራከሪ። ውሉንም እንደገና አንብቢው። ጤፉ አዲስ አበባ ይራገፋል ወይም ገንዘቡ አዲስ አበባ ይከፈላል የሚል አንቀጽ ካለ ቁጥር 24 ያግዝሻል። መቃወሚያው ውድቅ ከሆነ እሱ ወዲያው ይግባኝ ማለት አይችልም፤ የመጨረሻውን ፍርድ ይጠብቃል (ቁጥር 320)።

2. መቃወሚያው ልክ ከሆነ ግን ቀጠሮ እየበላሽ አትሟገቺ፣ ክሱን አንሺ። ብዙ ሰው የሚቃጠለው እዚህ ላይ ነው። በር ላይ ማመልከቻ የሚጽፉት «ክሴን ትቻለሁ» ብለው በአንድ መስመር ይጽፉልሻል፤ ያቺ መስመር በኋላ ያንኑ ክስ እንዳታቀርቢ ትዘጋብሻለች። መጻፍ ያለበት «በቁጥር 278 መሠረት አዲስ ክስ የማቅረብ መብቴ ተጠብቆልኝ ክሱን እንዳነሳ ይፈቀድልኝ» ተብሎ ነው። ትእዛዙ ሲሰጥም «መብቷ ተጠብቆ» የሚለው ቃል መግባቱን ከግቢው ሳትወጪ አንብቢ። ከሌለ እዚያው እንዲታረም ጠይቂ።

3. ዕግድ አስወስነሽ ከሆነ፣ ማለትም የባንክ ሂሳቡ ወይም መኪናው ታግዶ ከሆነ፣ መዝገቡ ሲዘጋ ዕግዱም አብሮ ይወድቃል። ይህን ማንም አይነግርሽም፣ በጣም ያናድደኛል። ሰዎች የቀድሞው ዕግድ የሚሠራ እየመሰላቸው ሁለት ሦስት ሳምንት ይቆያሉ፤ በዚያ መሃል ተከሳሹ ንብረቱን ሸጦ ያድራል። ስለዚህ የባሕር ዳሩን ክስ እዚህ ሆነሽ ጨርሰሽ አዘጋጂ፤ አዲስ የዕግድ ማመልከቻ በቃለ መሃላ ደግፈሽ ከክሱ ጋር በዚያው ቀን አስገቢ። ይህን ሁሉ ሳታሟዪ መዝገብሽን አታዘጊ።

አሁን የት ትከፍቻለሽ? «ገንዘቡ ትንሽ ነው፣ ወረዳ ፍርድ ቤት ሂጂ» የሚልሽን አትስሚ። ከሳሽና ተከሳሽ ቋሚ ነዋሪነታቸው በተለያየ ክልል ሲሆን ጉዳዩ የፌዴራል ነው፤ አዲስ አበባም ለዚህ ጉዳይ እንደ አንድ ክልል ትታያለች። በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 እስከ 10 ሚሊዮን ብር ያለው የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ነው። በክልል ደግሞ ይህን ስልጣን በውክልና፣ ማለትም በፌዴራሉ ፍርድ ቤት ፋንታ፣ የሚይዘው በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ወረዳ ከከፈትሽ ሁለተኛ መቃወሚያ ይመጣብሻል፤ ያኛው የሥረ ነገር ስለሆነ ፍርድ ካገኘሽ በኋላም ቢሆን ሊያፈርስብሽ ይችላል። የክስ ማመልከቻሽ ላይ «ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን የሚያየው በውክልና ስልጣኑ ነው» የሚል አንቀጽ አስገቢ፤ የሁለታችሁንም አድራሻ ጻፊ፤ የነዋሪነት መታወቂያሽን ኮፒ አያይዢ። የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ወረቀትሽን በመስኮት መልሶ «አይመለከተንም» ካለሽ እንዳትሄጂ። ሬጅስትራሩ ወይም ዳኛው ምክንያቱን በጽሑፍ እንዲሰጡሽ ጠይቂ። በቃል የተባለው ነገር ይግባኝ አይባልበትም፣ ይርጋ (ክስ የማቅረቢያ የጊዜ ገደብ) ሲቆጠርም ማስረጃ አይሆንሽም።

ስለ ይርጋ አንቺ አትጨነቂ፣ የውል ጉዳይ በመደበኛው 10 ዓመት ነው። ይህን የሚያነብ ሌላ ሰው ግን ይጠንቀቅ፤ ከውል ውጭ ኃላፊነት (ያለ ውል ለደረሰ ጉዳት የሚጠየቅ ካሳ) 2 ዓመት ነው። የሥራ ክርክር ከሆነ ወደ ሥራ መመለስ 3 ወር፣ የደመወዝ ጥያቄ 6 ወር ብቻ ነው። እነዚህ ላይ የተሳሳተ ፍርድ ቤት ውስጥ መክረም መብት ያስበላል።

መዝገቡ ተዘግቶ ከአዲስ አበባው ፍርድ ቤት ከመውጣትሽ በፊት ከመዝገብ ቤት የምትወስጂው የብይኑ ወይም የትእዛዙ ትክክለኛ ግልባጭ ማኅተም ያለበት፣ ያስገባሽው ዋናው ውልና የባንክ ደረሰኝ፣ የዳኝነት ክፍያ የከፈልሽበት ደረሰኝ ነው። ዋናው ውል መዝገቡ ውስጥ ከቀረ በኋላ ለማውጣት ሌላ ማመልከቻና ሌላ ቀጠሮ ነው። ባሕር ዳር በአንቺ ፋንታ ፍርድ ቤት የሚቀርብልሽ ዘመድ ካለ የምትሰጪው የውክልና ሰነድ ላይ በፍርድ ቤት መክሰስ፣ መከራከርና ክስ ማንሳት እንደሚችል በግልጽ ይጻፍ። ተከሳሽሽ አዳማ ወይም ጅማ ቢሆን ኖሮ ሰነዶቹን ሁሉ ወደ አፋን ኦሮሞ ማስተርጎም ነበረብሽ፤ ባሕር ዳር ከዚያ ወጪ ታርፊያለሽ።