መድኃኒቱን ትቶ የቡቲሬት እንክብል ስለመጀመር ለተጠየቀው

እህቴ፣ ወንድምዎ ለትልቁ አንጀት ቁስለት የሚወስደውን ሜሳላሚን ትቶ የቡቲሬት እንክብል ቢጀምር ይሻለው እንደሆነ ጠይቀዋል። እኔ በዚሁ በአልሰሬቲቭ ኮላይትስ 11 ዓመት ታምሜአለሁና፣ መድኃኒቱን እንዳያቋርጥ አጥብቄ እለምንዎታለሁ።

ቡቲሬት ያለ ምክንያት አልተወደሰም። ሆዳችን ሊፈጨው ያልቻለው የእህልና የጥራጥሬ ክፍል (ፋይበር የሚባለው) ትልቁ አንጀት ሲደርስ በዚያ የሚኖሩ ባክቴሪያዎች ያብላሉትና አሴቴት፣ ፕሮፒዮኔትና ቡቲሬት የተባሉ አጫጭር የስብ አሲዶች ይወጡታል፤ የትልቁ አንጀት ሽፋን ሕዋሳት ከጉልበታቸው 70 በመቶ ያህሉን የሚያገኙት ከቡቲሬት ነው። ቡቲሬት ከሚሠሩት ባክቴሪያዎች አንዱ የሆነው ፊካሊባክቴሪየም ፕራውስኒትዚ፣ እንደ እኛ ባሉ ሕሙማን አንጀት ውስጥ ብዙ ጊዜ ቁጥሩ አንሶ ይገኛል።

ነገር ግን ያለ ልዩ ሽፋን የተዋጠ ቡቲሬት አብዛኛው ትልቁ አንጀት ሳይደርስ ይመጠጣል። ተመራማሪዎች በፊንጢጣ በኩል በፈሳሽ መልክ ወደ መስጠት የሄዱትም ለዚህ ነው። እ.ኤ.አ. በ1992 ጀርመን ውስጥ በ10 ሕሙማን ላይ የታየው ውጤት ተስፋ የሚሰጥ ነበር፤ በኋላ ብዙ ሰው የተሳተፈባቸው ሙከራዎች ግን ቡቲሬት ከሌለው ፈሳሽ የጎላ ብልጫ አላሳዩም። ስለዚህ ሽፋን ያለው እንክብል እንኳ በሐኪም ፈቃድ ከመድኃኒቱ ጋር ቢደረብ እንጂ ምትኩ ሊሆን አይችልም።

እኔ የተሳሳትኩት በምግብ ነው። ከስድስት ዓመት በፊት ሕመሙ ተነሥቶብኝ ደም እያየሁ ሳለ፣ ፋይበር ባክቴሪያዎቹን ይመግባል የሚለውን አንብቤ ስለነበር፣ በጸሎተ ሐሙስ አንድ ሙሉ ሳህን ጉልባን በላሁ። ሌሊቱን ዘጠኝ ጊዜ ተነሣሁ፤ ቁርጠቱ ግድግዳ አስደግፎ ያቆመኝ ነበር፤ ሲነጋም የሄድኩት ወደ ሐኪም ነው። ፋይበሩ መልካም ነው፤ የቆሰለና ያበጠ አንጀት ግን በአንድ ጊዜ ያን ያህል ሊሸከም አይችልም።

ደሙ ቆሞ ሁለት ወር ከቆየሁ በኋላ፣ መድኃኒቴን ሳላጓድል፣ በደንብ በስሎ የተጠለለ ምስር በቀን አንድ የሾርባ ማንኪያ ብቻ ጀመርኩ። ሆዴ ሳይነፋ ሳምንት ካለፈ አንድ ማንኪያ እጨምር ነበር። ቀጥዬ ማታ የቀቀልኩትን ድንች ፍሪጅ አሳድሬ በማግስቱ መብላት ያዝኩ፤ ድንች ሲቀዘቅዝ ከስታርቹ ከፊሉ ለመፈጨት ስለሚያስቸግር ለባክቴሪያዎቹ ይተርፋል። ወደ ተለመደው የሽሮና የምስር ወጥ መጠን ለመመለስ አምስት ወር ፈጀብኝ።

ወንድምዎ አሁን ደም ያያል? በቀንስ ስንት ጊዜ ይቀመጣል? ደም የሚያይ ከሆነ ስለ እንክብሉም ስለ ምስሩም ሳያስቡ ዛሬውኑ ወደሚከታተለው ሐኪም ይውሰዱት። ደህና ከሆነ ግን የሚበላውን ይጻፉልኝና፣ እኔ የጀመርኩበትን የየሳምንቱን መጠን በዝርዝር እልክልዎታለሁ፤ ከመጀመሩ በፊት ለሐኪሙ ያሳየው።