«ገንዳ ታጸዳልሻለች» ተብላ የተገዛችው ዓሣ

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ሂውስተን፣ ቴክሳስ ነው። የዛሬ ሁለት ዓመት ለልጆቼ ጎልድፊሽ ስገዛ ሻጩ «ይቺንም ውሰጂ፣ ገንዳው ላይ የሚለጠፈውን አረንጓዴ አልጌ ትበላልሻለች፣ ገንዳ ማጠብ ቀረልሽ» ብሎ ጣቴን የምታክል ፕሌኮ የምትባል ዓሣ ሰጠኝ። አሁን 30 ሴንቲ ሜትር አልፋለች። 75 ሊትር ገንዳ ውስጥ መዞር አቅቷታል፣ ውሃውም ከድሮው ብሶበታል። ቤታችን አጠገብ ወንዝ አለ፤ ብለቃት ችግር አለው?

መልስ፦ አለው፣ እህቴ። እንዳትለቂያት።

ሻጩ ግማሹን ብቻ ነው የነገረሽ። ፕሌኮ የአምባዛ ዘመድ ናት፣ ግን እንደ እኛ አገር አምባዛ ቆዳዋ ልሙጥ አይደለም፣ ጥሩር ለብሳለች። ከደቡብ አሜሪካ ወንዞች የመጣች ናት፤ 40 ሴንቲ ሜትርና ከዚያም በላይ ትደርሳለች፣ ከ10 ዓመት በላይም ትኖራለች። አልጌ ትበላለች፣ እውነት ነው፣ ግን የበላችውን ያህል ታወጣለች! ውሃሽን ያቆሸሸችው እሷው ናት።

ወንዙ ይመቻታል፣ ጣጣውም እሱ ነው። ቡፋሎ ባዩን ጨምሮ የሂውስተን ውሃዎች ውስጥ ዘመዶቿ ቀድመው ገብተዋል። ወንዶቹ እንቁላል ሊያስጥሉ ዳርቻውን ይቆፍራሉ፤ ጉድጓዱ አንድ ሜትር ሊጠልቅ ይችላል፣ አባትየው እዚያው ተቀምጦ እንቁላሉን ይጠብቃል። (እንደ አባት ጎበዝ ነው፣ አይካድም።) ጉድጓዶቹ ጎን ለጎን ሲበዙ ግን ዳርቻው ይናዳል። ሜክሲኮ ውስጥ ኢንፊየርኒዮ የሚባለው የግድብ ሐይቅ ላይ ደግሞ ቆሮሶ አጥማጆች መረባቸውን ሲስቡ እሷን ማውጣት ጀመሩ፣ መረቡንም እየቀደደች አስቸገረቻቸው። ቴክሳስም መልቀቅ በሕግ ክልክል ነው።

ስለዚህ መጀመሪያ የዓሣ መሸጫዎችን ጠይቂ፤ አንዳንዶቹ ትልልቆቹን መልሰው ይወስዳሉ። ካልሆነ 400 ሊትር ወይም የበለጠ ገንዳ ያለው ሰው ፈልጊ። እስከዚያው ዝኩኒ ቆርጠሽ ስጫት፣ የምትፍቀው እንጨት አስገቢላት፣ በየሳምንቱ ከውሃው ሲሶውን ቀይሪ። እንዳትራብ ደግሞ፤ የተራበች ፕሌኮ ሌሊት ጎልድፊሹ ላይ ተለጥፋ ገላውን ትልሳለች፣ ያቆስለዋል። ስታወጫት በመረብ አይሁን፣ የክንፏ እሾህ ይያዛል። ፕላስቲክ ዕቃ ይሻላል።

ጥያቄ፦ የእኔ ፕሌኮ አልፎ አልፎ እየተወረወረ ወደ ላይ ይወጣና አየር ጎርሶ ይመለሳል። ታሞ ይሆን? (ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ አልታመመም። ውሃው ውስጥ ኦክስጅን ሲያንሰው አየር ውጦ በጨጓራው ይተነፍሳል፣ ተፈጥሮው ነው። ግን ካበዛው ልብ በል፦ መብራት ሲጠፋ የአየር ፓምፑም ይቆማልና ሌሎቹ ዓሦችህ እንደ እሱ መጎረስ አይችሉም። መብራት እስኪመጣ ውሃውን በጆግ እየቀዳህ ከላይ መልሰህ አፍስስበት።